የዓባይ ውኃ በሐዲድ ላይ፦ የናፍጣና የኤሌክትሪክ ባቡሮች አጀማመር

(የመግቢያ ሙዚቃ፤ ከፍ ብሎ ቀስ እያለ ይወርዳል)

ተማሪዎችና መምህራን፣ ደብተርና እስክሪብቶ ያዙ፤ በመጨረሻ የምንጠይቃችሁ ጥያቄ አለ።

የዛሬው ርዕሳችን ባቡር ነው። የመጀመሪያዎቹ የኤሌክትሪክና የናፍጣ ባቡሮች እንዴት እንደተሠሩ፣ እንዴትስ አገራችን እንደደረሱ እንነጋገራለን። በእኛ በፍኖተ ሰላምና በቡሬ አካባቢ ሐዲድ የለም። በቆሏችን፣ ጤፋችንና በርበሬያችን ገበያ የሚደርሰው በመኪና ነው። ከቡሬ ወይም ከፍኖተ ሰላም ተጭኖ ወደ አዲስ አበባ የሚሄድ ሁሉ የዓባይን በረሃ ወርዶ መውጣት አለበት። ታዲያ ሐዲድ በሌለበት አካባቢ ስለ ባቡር መማር ለምን ያስፈልጋል የሚል አድማጭ ቢኖር፣ ሁለት ምክንያት አለን።

አንደኛው፣ የኢትዮጵያ ምድር ባቡር ኮርፖሬሽን ባወጣው የአገር አቀፍ የባቡር መረብ ዕቅድ ውስጥ ከፍኖተ ሰላም ተነስቶ በባሕር ዳር፣ በወረታና በወልዲያ አድርጎ ወደ አፋር የሚወርድ መሥመር ተጠቅሷል። መሥመሩ እስካሁን አልተሠራም። ስለዚህ ከመምጣቱ በፊት ባቡር ምን እንደሚፈልግ ማወቅ ለእኛ ይጠቅመናል። ሁለተኛው ምክንያት ከዚህም ይከብዳል። ዛሬ ከአዲስ አበባ ወደ ጅቡቲ የሚሄደው ባቡር የሚንቀሳቀሰው በኤሌክትሪክ ነው፤ ኤሌክትሪኩ በአብዛኛው ከውኃ ይገኛል፤ ከዚያ ውኃ ከፊሉ ደግሞ ከጎጃም ምድር የሚነሳ ነው።

በዛሬው ዝግጅት አንድ ነገር እንድትይዙልን እንፈልጋለን። የባቡር ታሪክ ከሐዲዱ ይልቅ የኃይሉ ታሪክ ነው። ብረት ማንጠፍ ቀላል ባይሆንም የታወቀ ሥራ ነው። የሚከብደው ጥያቄ፣ ያንን ሁሉ ጭነት የሚጎትተው ኃይል ከየት ይምጣ የሚለው ነው። አንድ አገር ይህን ጥያቄ ባለው ሀብት ሲመልስ ባቡሩ ይጸናል፤ በሌለው ሀብት ሲመልስ ባቡሩ ይደክማል።

ከመቀጠላችን በፊት አንድ ማሳሰቢያ። የውጭ አገር ታሪክ ስንጠቅስ ዓመቱን በአውሮፓውያን አቆጣጠር፣ የአገራችንን ስንጠቅስ በኢትዮጵያ አቆጣጠር እንናገራለን። ፉርጎዎቹን የሚስበውን ሞተር የተሸከመውን ክፍል፣ ሎኮሞቲቭ የሚባለውን፣ ለአጭሩ «ጎታች» እንለዋለን።

(አጭር ሙዚቃ)

ከአገራችን እንጀምር። ዳግማዊ ምኒልክ በ1886 ዓ.ም. የባቡር መሥመር እንዲዘረጋ ለስዊዘርላንዳዊው መሐንዲስና አማካሪያቸው ለአልፍሬድ ኢልግ ፈቃድ ሰጡ። ኢልግ ሊዮን ሸፍኔ ከተባለ ፈረንሳዊ ጋር ሆኖ ኩባንያ አቋቋመ። ሥራው በ1890 ዓ.ም. ከጅቡቲ ተጀመረ። በ1895 ዓ.ም. ሐዲዱ ድሬዳዋ ደረሰ፤ ከተማይቱም የተቆረቆረችው በዚሁ ሐዲድ ምክንያት ነው። ከዚያ ገንዘብ አለቀ፣ የአውሮፓ መንግሥታትም ተሻኮቱበት፣ ሥራውም ለዓመታት ቆመ። በመጨረሻ በ1909 ዓ.ም. ባቡሩ አዲስ አበባ ገባ። ምኒልክ ይህን ለማየት አልታደሉም፤ በ1906 ዓ.ም. ዐርፈው ነበር። መሥመሩ 784 ኪሎ ሜትር ይረዝም ነበር፤ በሁለቱ ሐዲዶች መካከል ያለው ስፋትም 1 ሜትር ነበር።

ያ ባቡር በእንፋሎት የሚሠራ ነበር። የእንፋሎት ጎታች ሆዱ ውስጥ እሳት ይነድዳል። እሳቱ ውኃ ያፈላል፤ ውኃው እንፋሎት ሲሆን ከ1,600 እጥፍ በላይ ልስፋ ይላል፤ ቦታ ሲያጣ ፒስተኑን ይገፋል፣ ፒስተኑም ጎማውን ያዞራል። አሠራሩ ጠንካራና ቀላል ነው፤ ነገር ግን ሁለት ነገር ሳያቋርጥ ይበላል፤ ማገዶና ውኃ። ማገዶው እንጨት ወይም ከባሕር ማዶ በመርከብ የሚመጣ የድንጋይ ከሰል ነው። ውኃው ግን በየጥቂት ሰዓቱ መሞላት አለበት። የጅቡቲና የድሬዳዋ መሥመር ደግሞ የሚያልፈው ሰውና ግመል ውኃ በሚያጡበት በረሃ ነው። በዚያ ላይ ከባሕር ጠረፍ ተነስቶ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ወዳለችው አዲስ አበባ መውጣት ነበረበት።

ሌላም ጉድለት ነበረው። በእንፋሎት ጎታች ውስጥ ከሚነድደው እሳት ከ10 እጁ 1 እጁ እንኳ በወጉ ወደ ጉልበት አይለወጥም፤ የቀረው በጭስና በሙቀት ይባክናል። በዓለም ላይ ያሉ መሐንዲሶች ከእንፋሎት ሌላ መንገድ የፈለጉት በዚህ ምክንያት ነው። መንገዱም ሁለት ሆኖ ተገኘ፤ አንዱ ኤሌክትሪክ፣ ሌላው ናፍጣ።

(አጭር ሙዚቃ)

ብዙ ሰው ናፍጣ የቀደመ፣ ኤሌክትሪክ የተከተለ ይመስለዋል። እውነቱ ተቃራኒው ነው፤ የቀደመው ኤሌክትሪክ ነው።

ሮበርት ዴቪድሰን የተባለ የስኮትላንድ ሰው በ1842 በባትሪ የሚሄድ ጎታች ሠርቶ በኤዲንብራና በግላስጎው መሥመር ላይ ሞክሮት ነበር። ጎታቹ በሰዓት 6 ኪሎ ሜትር ያህል ሄደ፤ ይህ የእግረኛ ፍጥነት ነው። ባትሪው ዚንክና አሲድ እየበላ የሚሠራ ስለነበር ወጪው ከከሰል እጅግ በለጠ። ሐሳቡ ትክክል ነበር፤ የጎደለው የኃይሉ ምንጭ ነው። ኤሌክትሪክን በርካሽና በብዛት የሚያመነጭ ጄነሬተር ገና አልተሠራም ነበር።

ጄነሬተሩ ሲገኝ ነገሩ ተለወጠ። በ1879 ጀርመናዊው ቨርነር ፎን ዚመንስ በበርሊን የኢንዱስትሪ ኤግዚቢሽን ላይ አንድ ትንሽ ጎታች አቀረበ። ጉልበቱ 3 የፈረስ ጉልበት ያህል ብቻ ነው። 300 ሜትር በሚሆን ክብ ሐዲድ ላይ ሰው የሚጭኑ ሦስት ትንንሽ ጋሪዎችን ይስባል። ኤሌክትሪኩ 150 ቮልት ሆኖ በሁለቱ ሐዲዶች መካከል በተዘረጋ ሦስተኛ ብረት በኩል ይመጣለታል። በአራት ወር ውስጥ ከ80,000 በላይ ሰው ተሳፈረበት። የዚመንስ ትልቁ ትምህርት ይህ ነው፤ ጎታቹ ኃይሉን ይዞ መዞር የለበትም። ኃይሉ በአንድ ቦታ ይመረት፣ በሽቦ ይድረሰው፣ ጎታቹ ሞተሩን ብቻ ይያዝ።

ከዚያ በኋላ ኤሌክትሪክ በተለይ የተፈለገው ጭስ መቋቋም በማይቻልበት ቦታ ነው። በ1890 ለንደን ውስጥ ከመሬት በታች የሚሄድ የኤሌክትሪክ ባቡር ሥራ ጀመረ። በ1895 በአሜሪካ የባልቲሞርና ኦሃዮ የባቡር ኩባንያ ባልቲሞር ከተማ ሥር በሚያልፈው ረጅም ዋሻ ውስጥ ከባድ ባቡሮችን በኤሌክትሪክ መጎተት ጀመረ። ዋሻ ውስጥ የእንፋሎት ጭስ ሰው ያፍናል፤ ኤሌክትሪክ ግን ጭስ የለውም። ፍጥነቱም ቢሆን ገና ከጅምሩ አስደናቂ ነበር። በ1903 በበርሊን አቅራቢያ በሙከራ ላይ የነበረ የኤሌክትሪክ ባቡር በሰዓት ከ210 ኪሎ ሜትር በላይ ሮጧል።

አሁን ወደ እኛ ጉዳይ የሚቀርበውን ታሪክ አድምጡ። ጣሊያንና ስዊዘርላንድ የድንጋይ ከሰል ያልታደሉ አገሮች ናቸው። ተራራና ከተራራ የሚወርድ ወንዝ ግን ሞልቷቸዋል። በ1902 በሰሜን ጣሊያን ቫልቴሊና በተባለ ተራራማ አካባቢ፣ ካልማን ካንዶ የተባለ የሃንጋሪ መሐንዲስ 3,000 ቮልት የሚጠቀም የባቡር መሥመር ሥራ አስጀመረ። ኃይሉ የመጣው ከውኃ ነው። ሞተሮቹም ባቡሩ ቁልቁለት ሲወርድ ወደ ጄነሬተርነት ተለውጠው ኤሌክትሪክ ወደ ሽቦው ይመልሱ ነበር። አስቡት፤ ቁልቁለት የሚወርደው ባቡር ዳገት ለሚወጣው ባቡር ጉልበት ያበድራል።

ስዊዘርላንድ ይህን መንገድ በሰፊው የተከተለችው በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ የከሰል ችግር ከደረሰባት በኋላ ነው። ከውጭ የሚገባው ከሰል ሲቀንስና ሲወደድ ባቡሮቿ ሊቆሙ ደረሱ። ከ1920 ጀምሮ በአልፕስ ተራሮች ውስጥ የሚያልፈውን ዝነኛውን የጎትሃርድ መሥመር በኤሌክትሪክ ማንቀሳቀስ ጀመረች። ለዚህም በተራሮቿ ላይ የኃይል ማመንጫዎች ሠራች። የምኒልክ አማካሪ የኢልግ አገር፣ ነዳጅ የሌላት ተራራማ አገር፣ የባቡሯን ኃይል ከገዛ ወንዞቿ ቀዳች።

ካንዶ በዚህ አላበቃም። በዘመኑ ለባቡር የሚሆን ኤሌክትሪክ ለብቻው በልዩ ማመንጫ ይመረት ነበር። እሱ ግን ባቡር ለፋብሪካና ለቤት መብራት ከሚውለው ከተራው የአገር መስመር ለምን አይጠቀምም ብሎ ተነሣ። ከቡዳፔስት ወደ ምዕራብ የሚሄደው መሥመር በ1930ዎቹ በዚሁ ሐሳብ ሥራ ጀመረ። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ፈረንሳይ ሐሳቡን አሻሽላ 25,000 ቮልት ያለውን ሥርዓት አስፋፋች። ይህን ቁጥር ያዙት፤ ኋላ ላይ አገራችን ውስጥ እናገኘዋለን።

(አጭር ሙዚቃ)

አሁን ወደ ናፍጣ እንሂድ። ጀርመናዊው ሩዶልፍ ዲዝል በ1897 አዲስ ዓይነት ሞተር ለዓለም አሳየ። ሞተሩ አየርን በኃይል ይጨምቃል፤ የተጨመቀው አየር በጣም ይግላል፤ ነዳጁ ወደዚያ ሲረጭ ያለ ካንዴላ በራሱ ይነድዳል። ያ ሞተር ከነዳጁ ውስጥ ከሩብ በላዩን ወደ ጉልበት ይለውጥ ነበር። የእንፋሎት ጎታች ከ10 እጅ 1 እጅ ለማግኘት በሚታገልበት ዘመን ይህ ትልቅ ዜና ነው።

በ1912 በስዊዘርላንድና በጀርመን ፋብሪካዎች ትብብር የመጀመሪያው ትልቅ የናፍጣ ጎታች ተሠራ። ዲዝል ራሱ የተሳተፈበት ሥራ ነበር። ሞተሩ ከጎማዎቹ ጋር በቀጥታ ተያይዟል። ጎታቹ ሐዲድ ላይ ሲወጣ ግን ችግር ገጠመው፤ በራሱ ጉልበት ከቆመበት መነሣት አልቻለም። ለማስነሣት በተጨመቀ አየር መግፋት አስፈለገ፤ ሙከራውም ብዙ ሳይቆይ ተተወ። ዲዝል በ1913 መኸር ወደ እንግሊዝ ሲጓዝ ከመርከብ ላይ ጠፍቶ ሞተ፤ ሞተሩ የዓለምን ባቡሮች ሲነዳ አላየም።

ለምን መነሣት አቃተው? ይህን በገጠራችን የናፍጣ ወፍጮ ያለው ሰው ከመሐንዲስ ባላነሰ ያውቀዋል። ባለ ወፍጮው ሞተሩን ሲያስነሣ እህል አይለቅበትም። መጀመሪያ ሞተሩ ባዶውን ይዞራል፣ ድምፁ ይስተካከላል፣ ፍጥነት ይይዛል፤ ከዚያ በኋላ ነው እህሉ ወደ ድንጋዩ የሚወርደው። ገና ሲነሣ ሸክም ቢጭኑበት ታንቆ ይጠፋል። የናፍጣ ሞተር ጉልበት የሚሰጠው እየዞረ ሳለ ብቻ ነው። ቆሞ ሳለ ምንም ጉልበት የለውም። መብራት በገባበት ከተማ ያለው የኤሌክትሪክ ወፍጮ ግን ማብሪያው እንደተጫነ ከቆመበት በሙሉ ጉልበቱ ይነሣል። በናፍጣና በኤሌክትሪክ ሞተር መካከል ያለው ዋናው ልዩነት ይኸው ነው።

መኪና ይህን ችግር በፍሪሲዮንና በካምቢዮ ይፈታዋል። ሾፌሩ ፍሪሲዮን ረግጦ፣ አንደኛ ማርሽ አስገብቶ፣ ቀስ ብሎ ይለቃል። ግን 1,000 ቶን የሚጎትት ባቡር በዚህ መንገድ ቢነሣ ፍሪሲዮኑ ተቃጥሎ ያልቃል። መሐንዲሶቹ ያገኙት መፍትሔ ሁለቱን ሞተሮች ማጋባት ነበር። የናፍጣው ሞተር ጎማውን አይነካም፤ ጄነሬተር ብቻ ያዞራል። ጄነሬተሩ ኤሌክትሪክ ያመነጫል። ኤሌክትሪኩ በጎማዎቹ አጠገብ ወደተተከሉ የኤሌክትሪክ ሞተሮች ይሄዳል። ጎማውን የሚያዞሩት እነሱ ናቸው። ይህ ናፍጣ-ኤሌክትሪክ ጎታች ይባላል።

ስለዚህ ውድ አድማጮቻችን፣ ሰው «የናፍጣ ባቡር» ሲል ብዙውን ጊዜ የሚያወራው የራሱን የኃይል ማመንጫ ተሸክሞ ስለሚሄድ የኤሌክትሪክ ባቡር ነው። በሁለቱም ዓይነት ጎማውን የሚያዞረው የኤሌክትሪክ ሞተር ነው። የሚለያዩት ኃይሉ በሚመጣበት መንገድ ነው፤ አንዱ ከጀርባው፣ ሌላው ከሽቦው።

በ1924 ዩሪ ሎሞኖሶቭ የተባለ ሩሲያዊ መሐንዲስ ጀርመን አገር ያሠራው ናፍጣ-ኤሌክትሪክ ጎታች ለረጅም መሥመር ብቁ መሆኑን አሳየ። በ1925 በአሜሪካ 300 የፈረስ ጉልበት ያለው ጎታች በኒውዮርክ ጣቢያ ፉርጎ ለመጎተት ተገዛ፤ እስከ 1957 ድረስ ከ30 ዓመት በላይ ሠራ። በ1934 ደግሞ ዚፈር የተባለ የናፍጣ ባቡር ከዴንቨር እስከ ቺካጎ ያለውን ከ1,600 ኪሎ ሜትር የበለጠ መንገድ በ13 ሰዓት ከ5 ደቂቃ ጨረሰ። የእንፋሎት ባቡር በየመንገዱ ውኃ ለመሙላት ይቆማል፤ ይህ ግን ሳይቆም አለፈ። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ በአሜሪካ በ15 ዓመት ገደማ ውስጥ ናፍጣ የእንፋሎትን ቦታ ሙሉ በሙሉ ወሰደ።

(አጭር ሙዚቃ)

ወደ አገራችን እንመለስ። በጣሊያን ወረራ ዘመን ሊቶሪና የተባሉ፣ ፊያት የሠራቸው፣ ሞተራቸውን ከተሳፋሪው ጋር በአንድ አካል የያዙ ባቡሮች ወደ ምሥራቅ አፍሪካ መጡ። ከነፃነት በኋላ፣ በ1940ዎቹ ዓመታት፣ የጅቡቲውን መሥመር የያዘው የፍራንኮ-ኢትዮጵያ ምድር ባቡር ኩባንያ የእንፋሎት ጎታቾቹን እየተወ ከአውሮፓ ናፍጣ-ኤሌክትሪክ ጎታቾችን ማስገባት ጀመረ። ከሠሪዎቹ መካከል አልስቶም የተባለው የፈረንሳይ ፋብሪካ ይገኝበታል።

ለዚያ መሥመር ናፍጣ እንደ እፎይታ ነበር። በበረሃው ውስጥ ውኃ ፍለጋ መቆም ቀረ። እሳት ለማንደድ ሰዓታት መጠበቅ ቀረ። የድሬዳዋ ጋራዥም ትምህርት ቤት ሆነ፤ ኢትዮጵያውያን ሠራተኞች ከፈረንሳዮች ጋር እየሠሩ ሞተር መፍታትና መግጠም፣ የጄነሬተር ሽቦ መጠምጠም፣ ጎማ መቅረጽ ተማሩ። ድሬዳዋ አባት ለልጁ ሙያውን ያወረሰባት፣ ፈረንሳይኛ የሠራተኛው ቋንቋ የሆነባት ከተማ ናት። አገራችን ለባቡር ካፈራቻቸው የመጀመሪያዎቹ ባለሙያዎች መካከል እነዚህ ይገኛሉ፤ ታሪካቸው ሊከበርና ሊጻፍ ይገባል።

ነገር ግን ናፍጣ በአገራችን አይቆፈርም። ባቡሩ ያቃጥለው የነበረው ነዳጅ በመርከብ መጥቶ በውጭ ምንዛሪ ይገዛ ነበር፤ የዓለም ዋጋ ሲወጣ ወጪው ይወጣ ነበር። መለዋወጫውም እንዲሁ ከባሕር ማዶ ነበር። በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. የሶማሊያ ጦርነት መሥመሩን ጎዳው። መንገዱ ሲሻሻል ከባድ መኪናዎች ጭነቱን ወሰዱ፤ ሐዲዱና ድልድዮቹ አረጁ። ከ2000 ዓ.ም. በኋላ ከአዲስ አበባ ወደ ድሬዳዋ የሚደረገው ጉዞ ቆመ። በአዲስ አበባ ለገሃር ያለው የ1922 ዓ.ም. ጣቢያም ባቡር የማይመጣበት ሆኖ ቀረ።

ቀጥሎ የመጣው ሥራ ከመሠረቱ አዲስ ነበር። መስከረም 9 ቀን 2008 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ቀላል ባቡር ሥራ ጀመረ፤ በ750 ቮልት ኤሌክትሪክ ይሄዳል። መስከረም 25 ቀን 2009 ዓ.ም. ደግሞ ከአዲስ አበባ ጅቡቲ የሚደርሰው አዲሱ የኤሌክትሪክ የባቡር መሥመር ተመረቀ። ርዝመቱ ከ750 ኪሎ ሜትር በላይ ነው። የሐዲዱ ስፋት 1 ሜትር ከ43.5 ሳንቲ ሜትር ሆነ፤ ይህ ዓለም በብዛት የሚጠቀምበት ስፋት ነው። የሠሩት የቻይና ኩባንያዎች ናቸው፤ ገንዘቡም በአብዛኛው ከቻይና የተገኘ ብድር ነው። ከላይ በተዘረጋው ሽቦ ውስጥ ያለው ኤሌክትሪክ ምን ያህል ይመስላችኋል? 25,000 ቮልት ነው። በካንዶ ሐሳብ ተጀምሮ ፈረንሳይ ያስፋፋችው ሥርዓት አገራችን ደረሰ።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ከግድብ የመጣው ኤሌክትሪክ በከፍተኛ መስመር ተጉዞ በሐዲዱ አጠገብ ወደተሠሩ ማከፋፈያ ጣቢያዎች ይገባል። እዚያ ትራንስፎርመር ኃይሉን ወደ 25,000 ቮልት ያወርደዋል። ከሐዲዱ በላይ የተዘረጋው ሽቦ ይህን ይሸከማል። በጎታቹ ጣራ ላይ የሚነሣና የሚወርድ ክንድ አለ፤ ፓንቶግራፍ ይባላል፤ ባቡሩ እየሮጠ ሽቦውን ሳይለቅ ኃይሉን ይቀበላል። በጎታቹ ውስጥ ሌላ ትራንስፎርመር ለሞተሮቹ በሚስማማ መጠን ይለውጠዋል። ሞተሮቹ ጎማውን ያዞራሉ፤ ኤሌክትሪኩም በሐዲዱ በኩል ተመልሶ ዑደቱን ይዘጋል። ዘመናዊዎቹ ጎታቾች ቁልቁለት ሲወርዱ ኃይል ወደ ሽቦው ይመልሳሉ፤ ከአዲስ አበባ ከፍታ እስከ ባሕር ጠረፍ ለሚወርድ መሥመር ይህ ትልቅ ጥቅም ነው።

(አጭር ሙዚቃ)

አሁን ወደ ቀያችን እንምጣ። ዓባይ የሚመነጨው በሰከላ፣ ግሽ ዓባይ ነው። ግልገል ዓባይ ሆኖ ወደ ጣና ይወርዳል፤ ከጣና ወጥቶ ጎጃምን በደቡብ ይዞራል። በመንገዱም ብርን፣ ፈጣምንና ሌሎች የምናውቃቸውን ወንዞች ይቀበላል። ያ ሁሉ ውኃ ታላቁ የኢትዮጵያ ሕዳሴ ግድብ በተሠራበት ጉባ ላይ ይሰበሰባል። ግድቡ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ተመርቋል፤ የማመንጨት አቅሙ 5,150 ሜጋ ዋት ነው። ከእሱ በፊት በ1950ዎቹ ጢስ ዓባይ፣ በ2002 ዓ.ም. ደግሞ 460 ሜጋ ዋት ያለው ጣና በለስ ሥራ ጀምረዋል። እነዚህ ሁሉ በአንድ አገር አቀፍ መስመር የተያያዙ ናቸው። በአንድ መስመር ውስጥ የገባ ኤሌክትሪክ ደግሞ አይለይም፤ የግቤ ወንዝም የዓባይም ኃይል ተቀላቅሎ ለፋብሪካው፣ ለቤቱና ለባቡሩ ይደርሳል።

እንግዲህ ናፍጣ ከውጭ የምትገዛው አገራችን ለባቡሯ የሚሆን ኃይል በምድሯ አላት። ስዊዘርላንድ ከ100 ዓመት በፊት የደረሰችበት መልስ በእጃችን ነው። ነገር ግን ውኃ መኖሩና ግድብ መሠራቱ ብቻውን ባቡር አያስነሣም። ከአዋሽ በኮምቦልቻ አድርጎ ወደ ወልዲያ የሚሄደው የኤሌክትሪክ ባቡር ሥራ የተጀመረው በ2007 ዓ.ም. ነው። የሐዲዱ ሥራ በብዙ ርቀት ከተገፋ በኋላ ለባቡሩ የሚያስፈልገው የኃይል መስመር በጊዜው ባለመድረሱ ዘግይቷል፤ ከዚያም ጦርነት ተጨመረበት። ትምህርቱ ግልጽ ነው። የኤሌክትሪክ ባቡር ስንል ሐዲዱ፣ ከፍተኛ መስመሩ፣ ማከፋፈያ ጣቢያውና ባለሙያው አብረው መምጣት አለባቸው። አንዱ ቢጎድል ሌላው ቆሞ ይጠብቃል። ሰላም ከሌለ ደግሞ ሁሉም ይቆማል፤ ሽቦና ማከፋፈያ ጣቢያ እንደ ሐዲድ ሁሉ ጥበቃ ይሻሉ።

የቡሬ የተቀናጀ የግብርና ማቀነባበሪያ ኢንዱስትሪ ፓርክ ተከፍቷል፤ በዚያችው ከተማ ትልቅ የዘይት ፋብሪካ ተተክሏል። የሚጫን ምርት አለን። የወደፊቱ መሥመር መቼ እንደሚመጣ የሚወስነው የአገር አቅም ነው። እኛ ግን አሁን ልንጀምረው የምንችለው አንድ ነገር አለ፤ ባለሙያ ማዘጋጀት። ድሬዳዋ ባቡሩን ለትውልድ ማቆየት የቻለችው ልጆቿ ሞተር ስለተማሩ ነው። የኤሌክትሪክ ጎታች ትራንስፎርመር፣ ሞተርና የኤሌክትሪኩን ዓይነት የሚለውጥ ኢንቨርተር ነው። ይህን በከተሞቻችን የቴክኒክና ሙያ ኮሌጆች ኤሌክትሪክ የሚማሩ ወንዶችና ሴቶች ልጆቻችን ከመሠረቱ ሊይዙት ይችላሉ። የባቡር ኤሌክትሪክ ለብቻው የተፈጠረ ጥበብ አይደለም፤ በውኃ ፓምፕ፣ በፋብሪካና በወፍጮ ውስጥ ያለው ያው እውቀት ነው። ስለዚህ ወላጆች፣ ልጃችሁ ፊዚክስና ኤሌክትሪክ ሲማር ትርፍ ነገር እየተማረ እንዳይመስላችሁ፤ አካባቢያችን ለሚያስፈልገው ሥራ እየተዘጋጀ ነው።

አሁን የተማሪዎች ጥያቄዎች ናቸው፤ ጻፉ። አንደኛ፣ ሩዶልፍ ዲዝል የተሳተፈበት የ1912 ጎታች ከቆመበት መነሣት ያቃተው ለምንድን ነው? ሁለተኛ፣ በናፍጣ-ኤሌክትሪክ ጎታች ውስጥ ጎማውን በቀጥታ የሚያዞረው የትኛው ሞተር ነው? ሦስተኛ፣ ስዊዘርላንድ ባቡሮቿን ወደ ኤሌክትሪክ የለወጠችበትን ምክንያት ከኢትዮጵያ ሁኔታ ጋር አነጻጽሩ። አራተኛ፣ በቀበሌያችሁ የሚፈስሰው ወንዝ ወደ የትኛው ትልቅ ወንዝ እንደሚገባ ታላላቆቻችሁን ጠይቁና በካርታ ላይ ተከተሉት። መምህራን፣ ሦስተኛውን ጥያቄ በክፍል ውስጥ እንድታወያዩበት በአክብሮት እንጠይቃለን።

ያገኛችሁትን ላልሰማው ጎረቤት አካፍሉ።

(የመዝጊያ ሙዚቃ)